ኳድ ጃዝ በብሎኬት ቤት

የሄርቢ ሃንኮክ «ሄድ ሃንተርስ» እና የማሃቪሽኑ ኦርኬስትራ «በርድስ ኦፍ ፋየር» የተባሉት የጃዝ አልበሞች የወጡት እ.ኤ.አ. በ1973 ነው፤ የማይልስ ዴቪስ «ቢቸስ ብሩ» ደግሞ በ1970። ሃምሳኛ ዓመታቸው ሲነሳ ወሬው ሁሉ ስለ ሸክላው ነው። ሦስቱም በዚያው ዘመን በኳድ፣ ማለትም በክፍሉ አራት ማዕዘን ላሉ አራት ስፒከሮች ለየብቻ በተዘጋጀ አራት ቻናል፣ ታትመው እንደነበር ግን እምብዛም አይወራም። አሁን የእንግሊዙ ዱተን ቮካሊዮንና የጃፓኑ ሶኒ የኮሎምቢያ ሪከርድስ ኩባንያን የኳድ ቴፖች በኤስኤሲዲ (ከስቴሪዮ በላይ ብዙ ቻናል መያዝ በሚችል የሲዲ ዓይነት) እያሳተሙ ስለሆነ፣ ዲስኩን አስመጥቶ በትክክል ለመስማት ምን እንደሚያስፈልግ እዚህ በዝርዝር አስቀምጣለሁ።

መጀመሪያ፣ አዲሱ ዲስክ ከአሮጌው የኳድ ሸክላ ለምን እንደሚበልጥ። ኮሎምቢያ ይጠቀምበት የነበረው ኤስኪው የሚባለው ዘዴ አራቱን ቻናል ጠቅልሎ በሁለት ቻናል ሸክላው ላይ ያሰፍራል፤ ቤት ያለው ዲኮደር ደግሞ መልሶ ይፈታል። ችግሩ፣ የተጠቀለለው ሙሉ በሙሉ አይፈታም። በተራው ዲኮደር በፊትና በኋላ መካከል የሚቀረው ልዩነት 3 ዴሲቤል ገደማ ብቻ ስለነበር የፊቱ ድራም ወደ ኋላ፣ የኋላው ኪቦርድ ወደ ፊት ይፈስ ነበር። ዲስኩ የሚገለበጠው ግን ከአራት ቻናሉ ማስተር ቴፕ ነው። እያንዳንዱ ማዕዘን የራሱን ብቻ ይዞ ይመጣል። ያኔ ሸክላውን ገዝቶ ቤቱ የሰማ ሰው ይህን አላገኘም።

ዲስኩ ደርሶ «የኋላው ድምፅ በዛ» የሚል ቅሬታ ሲሰማ፣ ጥፋቱ ብዙ ጊዜ ከዲስኩ ሳይሆን ከአቀማመጡ ነው። ፊልም ከኋላ የሚልከው ዝናብ፣ የመኪና ሁካታ፣ የሚያልፍ ሄሊኮፕተር ነው። ኳድ ከኋላ ሙሉ መሣሪያ ያስቀምጣል፤ ለኳድ አራቱም ማዕዘን እኩል ናቸው። ስለዚህ ፊት ለፊት ትልቅ፣ ከኋላ የቡና ስኒ የሚያህል ስፒከር ባለበት የፊልም ዝግጅት ይህ ሙዚቃ ይጎዳል፤ የኋላው ቀጭንና ጩኸታም ሆኖ ጆሮ ያደክማል። በኔ ግምት ለአምስት የተለያዩ ስፒከሮችና ለሰብዉፈር ከሚወጣው ገንዘብ አራት አንድ ዓይነት መካከለኛ ስፒከር ይሻላል። ኳድ የመሃል ስፒከርም ሆነ የሰብዉፈር ቻናል የለውም።

ማጫወቻው ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። ኤስኤሲዲው በአብዛኛው ሁለት ንጣፍ አለው፤ አንዱን ማንኛውም ሲዲ ማጫወቻ ያነበዋል፣ እሱ ግን ስቴሪዮ ብቻ ነው። አራቱ ቻናል ያለው በሌላው ንጣፍ ላይ ነው፤ ያንን ተራ ዲቪዲ ማጫወቻም የኮምፒውተር ድራይቭም አያነበውም። የሶኒ ዩቢፒ-ኤክስ800 ያነበዋል፤ የመጀመሪያዎቹ ወፋፍራም ፕሌይስቴሽን 3ዎችም እንዲሁ። ከማጫወቻ ወደ ሪሲቨር (የዲሹ ሳይሆን ስፒከሮቹን የሚያንቀሳቅሰው አምፕሊፋየር) የሚሄደው ገመድ ኤችዲኤምአይ ይሁን። በኦፕቲካል ገመድ የኤስኤሲዲ ባለ ብዙ ቻናል ድምፅ አይወጣም፤ በስቴሪዮ ቢሰማ ወይም ጭራሽ ዝም ቢል ማጫወቻው ተበላሸ ማለት አይደለም። ከዚያም ማጫወቻው ሜኑ ውስጥ ገብታችሁ የኤስኤሲዲውን ንጣፍና «መልቲ» የሚለውን ምረጡ። ብዙዎቹ ከፋብሪካ ሲወጡ ሲዲ ወይም ስቴሪዮ ላይ ናቸው። ሪሲቨሩ ላይ ደግሞ ዶልቢ ሰራውንድ፣ ኒውራል ኤክስ የመሳሰሉትን ማስፋፊያዎች በሙሉ አጥፉ፤ ከአራቱ ቻናል ቀንሰው የሌለ መሃል ይፈጥራሉ፣ ተለይቶ የመጣውን መልሰው ያደበላልቁታል።

ከጃፓን የመጣ ማጫወቻ ከሆነ ሶኬት ከመሰካታችሁ በፊት ጀርባውን አንብቡ። «100 ቮልት» ብቻ የሚል ከሆነ በኛ 220 ይቃጠላል፤ ከ220 ወደ 100 የሚያወርድ ትራንስፎርመር ያስፈልገዋል። «ከ100 እስከ 240» የሚል ከሆነ በቀጥታ መሰካት ይቻላል።

አሁን ወደ ክፍሉ። ከካዛንቺስ እስከ አራት ኪሎ የተሠራው አፓርታማ በአብዛኛው ልስን የተመታ ብሎኬትና ሴራሚክ ወለል ነው። መሃል ቆማችሁ አንዴ አጨብጭቡ፤ «ጥርርር» የሚል ጭራ ከተከተለው ድምፁ በሁለት ትይዩ ግድግዳዎች መካከል እየተመላለሰ ነው። በስቴሪዮ ይህ ያናድዳል፤ በኳድ ግን ያበላሻል፣ ምክንያቱም ከፊት የወጣው የኋላ ግድግዳ መትቶ ሲመለስ ጆሮ የኋላው ስፒከር ያለውን ከነጸብራቁ መለየት ያቅተዋል። የድሮዎቹ የፒያሳ ጭቃ ቤቶች አቡጀዴ ኮርኒሳቸው ጭምር ለዚህ ሙዚቃ የተሻሉ ነበሩ፤ ክረምት ላይ የቆርቆሮው ጩኸት ሁሉንም ካልዋጠው።

መድኃኒቱ ቤት ውስጥ አለ። ወፍራም ጋቢ ሁለት ላይ አጥፋችሁ ከግድግዳው 10 ሴንቲ ሜትር ያህል አርቃችሁ ስቀሉት። ግድግዳው ላይ ከተለጠፈ የሚይዘው የላይኛውን ቀጭን ድምፅ ብቻ ነው፤ ከኋላው አየር ሲኖር ከዚያ ወረድ ያለውንም ይይዛል። ቤዙን ግን ጋቢ አይነካውም። ለእሱ ውፍረት ያስፈልጋል፤ የጥጥ ፍራሽ ጠቅልሎ በሁለቱ የኋላ ማዕዘኖች ማቆም ከጋቢ ብዙ ይበልጣል። ወለሉ ላይ ከእናንተና ከፊት ስፒከሮቹ መካከል ምንጣፍ ይንጠፍ።

የመቀመጫው ቦታ ደግሞ ከፍራሹም በላይ ወሳኝ ነው። «ሄድ ሃንተርስ» የሚጀምርበት «ካሚሊየን» ላይ ሄርቢ ሃንኮክ በአርፕ ኦዲሲ ሲንተሳይዘር የሚጫወተው ቤዝ ከታች ተንደርድሮ ቢ ፍላት ላይ ያርፋል፤ የዚያ ኖታ ድምፅ 58 ኸርዝ ገደማ ነው። ከፊት እስከ ኋላ 3 ሜትር የሆነ ክፍል በራሱ የሚያስተጋባው 57 ኸርዝ ላይ ነው። ስለዚህ ጀርባችሁን ግድግዳ አስደግፋችሁ ከተቀመጣችሁ ቢ ፍላቱ ብቻ እየተነፋ ሌላውን ኖታ ይውጠዋል፤ ልክ መሃሉ ላይ ከተቀመጣችሁ ደግሞ ያው ኖታ ይጠፋባችኋል። ብዙ ሰው ያኔ የቤዙን ቁልፍ ይጠመዝዛል። ቁልፉ አይረዳም። ወንበሩን ከኋላው ግድግዳ 1.10 ሜትር አካባቢ አርቁና እየሰማችሁ 10፣ 10 ሴንቲ ሜትር አንቀሳቅሱ። የቤዙ ኖታዎች ሁሉ እኩል ጉልበት ይዘው የሚወጡበት ቦታ ይገኛል።

ስፒከሮቹን በተመለከተ፣ የፊቶቹ ከመሃል መስመር 45 ዲግሪ ግራና ቀኝ፣ የኋላዎቹ 135 ዲግሪ ላይ ይሁኑ። ለፊልም የሚመከረው 110 ለኳድ ጎን ላይ ይቀራል፣ የኋላው ማዕዘን ባዶ ይሆናል። በ3 ሜትር ክፍል 135 ካልተቻለ ከ120 አትውረዱ። ቁመቱ በጆሮ ልክ ነው፤ ኮርኒስ ሥር የተሰቀለ ስፒከር አይሆንም። ርቀቱ እኩል ካልሆነ ሪሲቨሩ ላይ የየአንዳንዱን ርቀት በሜትር አስገቡ፤ ድምፅ 1 ሜትር ለመሄድ 3 ሚሊ ሰከንድ ገደማ ይፈጅበታል፣ ልዩነቱንም ሪሲቨሩ በማዘግየት ያስተካክለዋል። የአዲስ አበባ ከፍታ እዚህ ላይ ለውጥ አያመጣም፤ የድምፅን ፍጥነት የሚወስነው የአየሩ ሙቀት ነው። የድምፁን መጠን በሪሲቨሩ የሙከራ ሹክሹክታ አራቱንም 75 ዴሲቤል ላይ አስተካክሉ፤ የስልክ መለኪያም ቢሆን አራቱን ለማወዳደር ይበቃል።

ሽቦውን መርካቶ በሜትር ነው የምትገዙት። 1.5 ካሬ ይበቃል። ለ3 በ4 ክፍል ለፊቶቹ 3፣ 3 ሜትር፣ ለኋላዎቹ በግድግዳ ዙሪያ 8፣ 8 ሜትር፣ በድምሩ 22 ሜትር ጥንድ ሽቦ፤ 25 ግዙ። ሁለቱም ነጠላ አንድ ቀለም ከሆነ ከመዘርጋታችሁ በፊት የአንዱን ጫፎች በፕላስተር ምልክት አድርጉ። አንድ ስፒከር ብቻ ቀይና ጥቁሩ ቢገለበጥ በዚያ በኩል ቤዙ ይሳሳል፣ ድምፁ የት እንዳለ አይታወቅም። በኳድ ይህን ለማግኘት አራቱን አብሮ መስማት አይጠቅምም። አንድ ድምፅ በሁለት በሁለት አሰሙ፦ መጀመሪያ የፊቶቹን፣ ከዚያ ግራ ፊትና ግራ ኋላ፣ ቀኝ ፊትና ቀኝ ኋላ፣ በመጨረሻም የኋላዎቹን። ወደ ጥንዱ ዞራችሁ ስትሰሙ መሃሉ ላይ ጠንካራ ድምፅ ካልቆመ አንዱ ተገልብጧል።

የማያቋርጥ «እምምም» ከሰማችሁ የጣሪያውን ዲሽ ገመድ ከዲሹ ሪሲቨር ንቀሉ፤ አብዛኛውን ጊዜ መንስኤው እሱ ነው። መብራት ሲሄድ ሪሲቨሩን ከሶኬት ንቀሉ፣ ሲመለስም 5 ደቂቃ ያህል ቆዩ፤ ወዲያው የሚመጣው ቮልት ይዋዥቃል። ስታቢላይዘሩን ከስፒከር ሽቦው ራቅ አድርጉት። ከፍታው የሚጎዳው ሪሲቨሩን ነው፤ አየራችን ከባሕር ጠለሉ ሩብ ያህል ስለሚሳሳ ሙቀቱን ቶሎ አይወስድለትም። ቢያንስ 15 ሴንቲ ሜትር ከላዩ ክፍት ይሁን፣ ዳንቴልም አይልበስ።

«በዙሪያ ድምፅ የተሠራ ኢትዮ ጃዝ» ተብሎ የሚዘዋወር ፋይል ካገኛችሁ አንድ ጥያቄ ጠይቁ፦ ብዙ ትራክ ያለው ቴፕ ነበረ ወይ? የሙላቱ አስታጥቄ የ1972 (እ.ኤ.አ.) «ሙላቱ ኦቭ ኢትዮጵያ» እ.ኤ.አ. በ2017 በስትራት አሳታሚ ዳግም ሲታተም በሞኖና በስቴሪዮ ነው የወጣው፤ ያ ሐቀኛ ሥራ ነው። ከሁለት ቻናል በኮምፒውተር ተቀዳዶ አራት የተደረገ ሙዚቃ ላይ ቫይብራፎኑ ከአንድ ማዕዘን ሲመታ ጭራው ከሌላው ይወጣል፤ በጆሮ ማዳመጫ አንዱን የኋላ ቻናል ብቻውን ብትሰሙት ውሃ ውስጥ እንዳለ ያረገርጋል።