ለጓደኛዬ ፊልም ሙዚቃ ስሰራ የተማርኩት

ጓደኛዬ አጭር ፊልም ሰርቶ ሙዚቃውን አንተ ስራልኝ ሲለኝ እሺ አልኩ፣ ያለኝ ግን ኪቦርድና ላፕቶፕ ላይ የተጫነ የኦርኬስትራ ድምፅ ብቻ ነው። መጀመሪያ ያደረኩት ታዋቂ ፊልሞችን ከፍቼ ያንኑ ሲን አንዴ ድምፁን አጥፍቶ ማየት፣ አንዴ ደግሞ ስክሪኑን አዙሮ መስማት ብቻ ነው። ሞክሩት፣ ጉድ ነው።

ከሁሉም ያስተማረኝ እ.ኤ.አ. የ1975ቱ ጆውስ ነው፣ ሰው ስለሚበላ ሻርክ የተሰራው ፊልም። የሻርኩ ማሽን ቀረፃ ላይ እየተበላሸ ስላስቸገራቸው ፊልሙ ውስጥ ብዙ ጊዜ ሻርኩ አይታይም፣ በሱ ቦታ የሚመጣው የጆን ዊልያምስ ሙዚቃ ነው፣ ከታች በሴሎና በደብል ባስ (ወፍራም ድምፅ ባላቸው ትልልቅ የቫዮሊን ዘመዶች) ጎን ለጎን ያሉ ሁለት ኖታዎች፣ ቀስ ብለው ይጀምሩና እየፈጠኑ ይመጣሉ፣ ውሃ ብቻ እያየህ ሻርክ ያየህ ይመስልሃል። ተንኮሉ ግን ሌላ ጋ ነው፣ ሁለት ልጆች የውሸት የሻርክ ክንፍ ይዘው ሰዉን ሲያስደነግጡ ያ ሙዚቃ የለም! ሙዚቃው ከሌለ ሻርክ የለም ብለህ አምነህ ስትቀመጥ፣ በኋላ ፖሊሱ ማጥመጃውን ስጋ ባህሩ ላይ እየጣለ ሻርኩ ያለ ምንም ሙዚቃ ብቅ ይልልሃል።

እ.ኤ.አ. የ1960ው የሂችኮክ ፊልም ሳይኮም አለ። ሙዚቃውን የሰራው በርናርድ ኸርማን የተጠቀመው ባለ ክር መሳሪያ ብቻ ነው፣ እነሱንም ድምፅ የሚያለዝብ ማፈኛ አስደርጎባቸው፣ ሴትዮዋ ሻወር ውስጥ የምትገደልበት ሲን ላይ ሲደርስ ግን ማፈኛው ይነሳል። ሂችኮክ እኮ እዛ ጋ ሙዚቃ አልፈልግም ብሎ ነበር፣ ሰምቶ ነው ሀሳቡን የቀየረው።

ወደኛ ስመጣ፣ እናት ልጇን መናኸሪያ ስትሸኝ ጓደኛዬ ቫዮሊን በቫዮሊን እንዲሆን ነበር የፈለገው። እኔ ቀደም ብሎ ቤት ውስጥ ዳቦ ቆሎ ስትቋጥርለት አንድ ሴሎ በትዝታ ማይነር አጭር ዜማ እንዲጫወት አደረኩና መናኸሪያው ላይ ምንም፣ የረዳት ጩኸትና ሞተር ብቻ። ድምፁ ተቆርጧል እንዴ አለኝ ሲያየው 😂 ዜማው የሚመለሰው ብቻዋን ቤት ስትገባ ነው፣ የጓደኛዬ እህትም ያለቀሰችው እዛ ጋ ነው፣ ከዛ በኋላ አልተከራከረኝም።

ቫዮሊን ከሴት ድምፅ ጋር ስለሚጋጭ ንግግር ካለ ወደ ሴሎ አውርዱት። የላፕቶፕ ድምፅ ብቻውን ማሽን ማሽን ስለሚል ሴሎ የሚጫወት ልጅ አፈላልጌ ዋናውን ዜማ በላዩ አስቀረፅኩት፣ አንድ እውነተኛ ተጫዋች ካለ ጆሮ የቀረውንም ያምነዋል።