መልካም ገና፣ ከታራኔ ጋር

እንኳን ለብርሃነ ልደቱ በሰላም አደረሳችሁ! ስለ ዶሮ ዋጋ እንዳላማርር እሱን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ። ዘንድሮ ስለ አንዲት ኢራናዊት ተዋናይት ላውጋችሁ።

ታራኔ አሊዱስቲ ትባላለች። ገና በመጣ ቁጥር ትዝ ትለኛለች፤ ያለ ምክንያት አይደለም። በ2015 ዓ.ም. ታኅሣሥ 26፣ እኛ ለበዓሉ ሽር ጉድ ስንል፣ እሷ ቴህራን ካለው የኤቪን እስር ቤት በዋስ ወጣች። አበባ ታቅፋ፣ ፀጉሯን ሳትሸፍን፣ የሙያ ጓደኞቿ ከበዋት የተነሳችውን ፎቶ አይታችሁት ይሆናል።

ፊልም የጀመረችው በአሥራዎቹ ዕድሜዋ ነው። የመጀመሪያ ሥራዋ ላይ አባቷ የታሰረባትን፣ ብቻዋን ልጅ ለመውለድ የወሰነችውን የ15 ዓመት ልጅ ሆና ተጫወተች። እ.ኤ.አ. በ2002 በዚሁ ሥራ በስዊዘርላንዱ የሎካርኖ ፊልም ፌስቲቫል ላይ በምርጥ ተዋናይት ዘርፍ ተሸለመች።

እኔን ግን የያዘኝ የዳይሬክተር አስጋር ፋርሃዲው ፊልም «ስለ ኤሊ» ነው። (ኤሊ የሰው ስም ነው፤ እንስሳዋ አይደለችም።) ካስፒያን ባሕር ዳር ከሕፃናት ጋር ካይት ታበራለች። ትሮጣለች፣ ትስቃለች፣ ካሜራው ፊቷ ላይ ነው። ከዚያ በኋላ የለችም። ፊልሙ ሳይጋመስ ትጠፋለች፤ እኛ ግን እስከ መጨረሻው እሷን እንፈልጋለን።

እ.ኤ.አ. ከ1979ኙ አብዮት ወዲህ ኢራን ውስጥ ሴት በፊልም ላይ ፀጉሯን መሸፈን አለባት። ቤቷ ውስጥ፣ ባሏ ፊት፣ አልጋዋ ላይ ሳይቀር። ባልና ሚስት ሆነው የሚጫወቱት እንኳ አይነካኩም። ለተዋናይቷ የሚቀራት ፊቷ፣ ድምፅዋና እጇ ነው። ጥበቡን የወለደው ክልከላው ነው የሚሉ አሉ። ለእኔ አይዋጥልኝም። ሰዎቹ ጎበዝ ስለሆኑ ነው፤ ማነቆው ባይኖር ደግሞ የት በደረሱ!

ሴትዮዋ ለማንም የምትመች አይደለችም። እ.ኤ.አ. በ2017 መሪ ተዋናይት የሆነችበት «ሻጩ» ለኦስካር ሲታጭ፣ ትራምፕ ኢራናውያንን ቪዛ መከልከሉ ዘረኝነት ነው ብላ ቀረች። ፊልሙ እሷ በሌለችበት አሸነፈ። እ.ኤ.አ. በ2022 በሻሽ አለባበሷ የተያዘችው ወጣት ማህሳ አሚኒ በፖሊስ እጅ ሳለች ሞታ ተቃውሞ ከተቀሰቀሰ በኋላ ደግሞ ፊቷን ወደ ራሷ መንግሥት አዞረች። ኖቬምበር ላይ «ሴት፣ ሕይወት፣ ነፃነት» የሚለውን የተቃውሞው መፈክር ይዛ፣ ያለ ሻሽ ፎቶ ለጠፈች። ከአገር አልወጣም፣ ሥራዬን አቁሜ ከታሰሩትና ከተገደሉት ቤተሰቦች ጎን እቆማለሁ አለች። ልብ በሉ፣ ያኔ በአገሯ ዝናዋ ጣሪያ ነክቶ ነበር። በወሩ አንድ ተቃዋሚ ሲሰቀል ዝም አላለችም፤ ታሰረች።

ምሳው ተበልቶ፣ እንግዳው ተሸኝቶ፣ ጊዜ ካገኛችሁ «ስለ ኤሊ»ን ተጋበዙልኝ። ስልክ እየነካኩ የሚታይ ፊልም አይደለም። አይታችሁ ስትጨርሱ ጻፉልኝ፤ ጥፋቱ የማን እንደሆነ እንከራከራለን። መልካም ገና!