ጤፉ ሁለቴ ተቆጠረ

ሐሙስ ማታ ልጄ ደብተሯን ይዛ መጣች። ቀይ ኤክስ። ያሳፈረኝ ኤክሱ አይደለም። ማክሰኞ ዕለት «ጎበዝ፣ ልክ ነው» ያልኳት እኔው ነኝ።

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ በአንድ ክፍል 18 ወንዶችና 24 ሴቶች አሉ፤ የሴቶቹ ጥምርታ ከጠቅላላው ተማሪ ጋር ስንት ነው? እሷ 24 ለ 18 ብላ ጀምራ፣ ለ6 አካፍላ፣ 4 ለ 3 ላይ ደርሳለች። ማቃለሉ እንከን የለውም። ግን ያወዳደረችው ሴቶቹን ከወንዶቹ ጋር ነው። ጠቅላላው፣ 42፣ ጥያቄው ላይ አልተጻፈም፤ ደምሮ ማምጣት የሠሪው ድርሻ ነው። ደግሞስ 4 ለ 3 ሲባል ሴቶቹ ከክፍሉ ሊበልጡ ነው? ይኼ እንኳ አላነቃኝም።

ሳስረዳት አኮረፈች። «ሴቶቹን አንዴ ቆጥረናቸዋል እኮ እማዬ! ለምን ድጋሚ?»

መልስ አጣሁ።

ዛሬ ጠዋት እናቴ ለወፍጮ እህል ትሰፍር ነበር። 12 ጣሳ ጤፍ፣ 8 ጣሳ ማሽላ። ማሽላው ከመተማ በኩል የመጣ ነው፣ ቅዳሜ ገበያ የገዛነው። (ጤፍ ብቻውን ማስፈጨት ከተውን ቆይተናል።) ልጄ ጠጋ ብላ «እማማ፣ ጤፉ ምን ያህሉ ነው?» አለቻት።

«ከአምስት እጅ ሦስቱ» አለች እናቴ፣ ቀና እንኳ ሳትል።

12 ለ 20፣ ለ4 ሲካፈል 3 ለ 5። ልክ ናት። እናቴ የትምህርት ቤት ደጃፍ ረግጣ አታውቅም። «እጅ» ስትል ግን ጠቅላላው ቃሉ ውስጥ አለ። ሲሶም እንዲሁ ነው፤ ሲሶ የደረሰው ሰው ከሦስት አንዱን ይዟል፣ ከቀረው ጋር ሲተያይ ግን 1 ለ 2 ነው። ዕድሜዬን ሙሉ ሲሶ እያልኩ ይህን ልብ ብዬው አላውቅም።

«ጤፉን ሁለቴ ቆጠሩት እኮ» አለች ልጄ።

«ታዲያ ጆንያው ውስጥ የለም ወይ?»

ልጄ ዝም አለች። ከዚያ ደብተሯን አመጣች። 24 ለ 42። ለ2 አካፍላ 12 ለ 21 ጻፈችና ቆመች፣ «21 ጎዶሎ ቁጥር ነው» ብላ። ጎዶሎ ቢሆንም ለ3 ይካፈላል አልኳት። 4 ለ 7።

ትንሽ ቆይታ ደግሞ ሌላ አመጣች። «4 ለ 7 ብቻ ቢነግሩን ተማሪዎቹ 42 እንደሆኑ በምን እናውቃለን?» አናውቅም፣ 14ም ሊሆኑ ይችላሉ አልኳት። አላመነችኝም። ወደ አያቷ ሄደች።