ሰባት ቁጥር ላይ «ጢን» የሚለው ነገር

አዲስ አበባ ውስጥ አንድ ጌም ቤት በቴክኒሻንነት የተቀጠርኩ ሰሞን ነው። ቴክኒሻን ይባል እንጂ ሥራው አያልቅም። ኮምፒውተር አስነሳለሁ፣ ሰዓት እይዛለሁ፣ ሒሳብ እቀበላለሁ፣ መብራት ሲጠፋ የሚጮኹትን አረጋጋለሁ። አሥር ኮምፒውተር ነበረን። አሥር የሆነው እንዲሁ አይደለም። ዋናው ገቢያችን ካውንተር ስትራይክ 2 የሚባለው የተኩስ ጌም ነው፤ እሱ ደግሞ አምስት ለአምስት ነው የሚጫወቱት። አንዷ ኮምፒውተር ከታመመች አሥር ሰው ሥራ ይፈታል።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት የሁለት ሰፈር ልጆች ተቀጣጥረው መጡ። ከሦስት ጨዋታ ሁለት ያሸነፈ ያሸንፋል። የተሸነፈው የሁሉንም ሒሳብ ይከፍላል። ቤቱ ሞላ። አለቃዬ እንኳ ማኪያቶውን ይዞ ከኋላ ቆመ።

ሰባት ቁጥር ላይ የተቀመጠው ልጅ ዝምተኛ ነው። ጨዋታው ከተጀመረ ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ሄድፎኑን ካንድ ጆሮው ገለጥ አድርጎ ጠራኝ።

«ወንድሜ፣ ይቺ ነገር ጢን ትላለች።»

«ምኗ?»

«እኔ ምን አውቃለሁ። ጢን ትላለች። እንደገና ጢን።»

ጌም ለማይጫወት ሰው ቅብጠት ይመስላል። አይደለም። በዚህ ጨዋታ ጆሮ የዓይንን ግማሽ ሥራ ይሠራል። ጠላት ከግድግዳ ጀርባ ሲሮጥ ኮቴው ይሰማል። ለዚህ ነው ተጫዋቾቹ ሺፍት ተጭነው ቀስ ብለው የሚራመዱት፤ ሺፍት ከያዝክ ኮቴህ አይሰማም። በዚያች ቅጽበት አንዲት ጢን ከመጣች ኮቴውን ትሸፍነዋለች። ቀጥሎ የምታየው የራስህን ሬሳ ነው።

ሄድፎኑን ተቀብዬ አዳመጥኩ። ዝም። መኪናህ ሳምንት ሙሉ ሲንኳኳ ከርሞ ጋራዥ በር ላይ ሲደርስ ጸጥ እንደሚለው። መለስኩለትና «እረፍት ላይ አስተካክልልሃለሁ» አልኩት። እንደምንም የመጀመሪያውን ጨዋታ አሸነፉ። ልጆቹ አየር ሊቀበሉ ወጡ። እኔ ሰባት ቁጥር ላይ ተቀመጥኩ።

የመጀመሪያ ተጠርጣሪዬ ራሱ ሺፍት ነበር። ዊንዶውስ ላይ ሺፍትን በተከታታይ አምስቴ ከነካኸው «ስቲኪ ኪይስ ላብራልህ?» ብሎ ይጮሃል። ሁለት ቁልፍ ባንዴ መያዝ ለሚቸገር ሰው የተሠራ ደግ ነገር ነው። ለጌመር ግን መቅሰፍት ነው። ሴቲንግ ውስጥ አክሰሲቢሊቲ፣ ከዚያ ኪቦርድ ገብቼ የሺፍቷን አቋራጭ አጠፋሁ። ቀጥሎ ስቲም፣ ጌሙ የሚከፈትበት ፕሮግራም። ጓደኛህ ኦንላይን ሲገባ ይነግርሃል፣ ጌም ሲጀምር ይነግርሃል፣ መልእክት ሲልክ ይነግርሃል። ለእያንዳንዱ ጽሑፉና ድምፁ ለየብቻ ማጥፊያ አለው። ድምፅ ድምፁን አጠፋሁ። ከዚያ የየፕሮግራሙ ድምፅ ለየብቻ የሚስተካከልበት የዊንዶውስ ቮሊዩም ሚክሰር ላይ ሄጄ «ሲስተም ሳውንድስ» የሚለውን አፉን ያዝኩት።

እዚህ ላይ ባቆም ኖሮ ጥሩ ነበር። አላቆምኩም። ጊዜ ተርፎኝ ነበር፣ አለቃዬም ያየኛል። ባለሙያ መስሎ መታየት አማረኝ።

ጌሙ ራሱ ክፍት ነበር። ልጁ በራሱ አካውንት እንደገባ ነው የወጣው። የጌሙን ሴቲንግ ከፈትኩና ኦዲዮ የሚለው ጋ ገባሁ። ከታች የሙዚቃ ዝርዝር አለ፤ ለዋናው ሜኑ፣ ለራውንድ (ለአንዱ ዙር) መጀመሪያ፣ ለራውንድ መጨረሻ፣ እያንዳንዱ የራሱ መጎተቻ አለው። ወረድ ሲል «ቴን ሰከንድ ዋርኒንግ» የሚል አየሁ። የአሥር ሰከንድ ማስጠንቀቂያ። አየህ! ማስጠንቀቂያ ማለት ኖቲፊኬሽን ማለት አይደል? ሌባውን የያዝኩ መሰለኝ። እሷን ዜሮ አደረግኋት። ለጥንቃቄ ብዬ የቀሩትንም ዜሮ አደረግኋቸው።

ልጁ ሲመለስ «ጨርሻለሁ» አልኩት። ምን እንደነካሁ አልነገርኩትም። እሱም አልጠየቀም፤ አመነኝ።

ሁለተኛው ጨዋታ ተጀመረ። 13 ራውንድ ቀድሞ የሞላ ያሸንፋል። 10 ለ 10 ደረሱ። በሚቀጥለው ራውንድ የሰባት ቁጥሩ ልጅ ብቻውን ቀረ። በዚህ ጌም አንዱ ቡድን ቦምብ ያጠምዳል፣ ሌላው ያከሽፋል፤ ተቃራኒዎቹ ቦምቡን አጥምደዋል። ልጁ ኤደብልዩፒ ይዟል። ትልቁ ስናይፐር ነው፣ በጌሙ ገንዘብ 4750 ዶላር። የቀረውን አንድ ጠላት እየፈለገ ጥግ ጥጉን አየ። አገኘው፣ ጣለው። ቤቱ በጩኸት ተናጋ። ወደ ቦምቡ ሮጠ።

እዚህ ላይ ስሌቱን ልንገራችሁ፤ ነገሩ ሁሉ ያለው እሱ ላይ ነው። ቦምቡ ከተጠመደ በ40 ሰከንድ ይፈነዳል። ማክሸፊያው ኪት ካለህ በ5 ሰከንድ ታከሽፈዋለህ። ከሌለህ 10 ሰከንድ ይፈጃል። ልጁ ኪት አልነበረውም። ቦምቡ ሊፈነዳ 10 ሰከንድ ሲቀረው ጌሙ ሙዚቃ ያሰማል። ኪት ለሌለው ሰው ያቺ ሙዚቃ ከመጣች ነገሩ አብቅቷል፤ ያለህ አማራጭ መሣሪያህን ይዘህ መሮጥ ነው። ራውንዱን ትሸነፋለህ፣ ጠመንጃህ ግን ለሚቀጥለው ይተርፍልሃል።

ያቺ ሙዚቃ «ቴን ሰከንድ ዋርኒንግ» ናት።

ልጁ ሙዚቃዋን አልሰማም። ስላልሰማ ጊዜ ያለው መሰለው። ቦምቡ ላይ ጎንበስ አለ። መስመሩ እየሞላ፣ እየሞላ… ሁለት ጣት ሲቀረው ስክሪኑ ነጭ ሆነ። እሱም ሞተ፣ ኤደብልዩፒውም ቀለጠ። በሚቀጥለው ራውንድ የሚገዛበት ገንዘብ አልነበረውምና ሽጉጥ ይዞ ወጣ። 13 ለ 10 ተሸነፉ።

ከሁሉ የሚያሳፍረው ይህ አይደለም። ጨዋታው ሲያልቅ ሄድፎኑን አውልቆ ምን አለኝ መሰላችሁ? «ጢኗ አሁንም አለች እኮ።»

ከዚያ ሴቲንጉን ከፈተ። ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዜሮ። ቀና ብሎ አየኝ። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

«ይሄን ማን ነካው?»

«እኔ ነኝ» አልኩ።

«አንተ ሰውዬ፣ ማን እንደሚጮህ ሳታውቅ የሁሉንም አፍ ትዘጋለህ እንዴ? እቺ እኮ ሰዓቴ ናት።»

አለቃዬ ከኋላ «ከደሞዙ ነው የምቆርጠው!» አለ። ኋላ አልቆረጠም። ግን አንድ ሳምንት ሙሉ አስፈራራኝ።

ልጁ ሙዚቃውን ወደ ቦታው መለሰ። እኔም ወንበር ስቤ አጠገቡ ተቀመጥኩ። በዚህ ጊዜ ምንም አልነካሁም። ዊንዶውስንና አርን ባንድነት ተጭኜ «ኤስኤንዲቪኦኤል» ብዬ ጻፍኩ። የድሮው ቮሊዩም ሚክሰር ይመጣል። አዲሱ ሴቲንግ ውስጥ ያለው ያምራል፣ ለዚህ ሥራ ግን አሮጌው ይሻላል። ድምፅ የሚያሰማው እያንዳንዱ ፕሮግራም ለብቻው ተደርድሮ ይታያል፤ ድምፅ ያወጣው ሰው ሥር አረንጓዴ መስመር ብድግ ይላል። ሁለታችንም አፍጥጠን ጠበቅን። አንድ ደቂቃ። ሁለት ደቂቃ። ከኋላችን አሥር ሰው ቆሟል፤ ሁሉም ትንፋሹን ውጧል።

ጢን።

አረንጓዴዋ ብድግ ያለችው ቴሌግራም ሥር ነው።

«እኔ ቴሌግራም አልከፈትኩም» አለ ልጁ። እውነቱን ነው። ከሰዓቱ አጠገብ ያለችውን ትንሽ ቀስት ስነካት ተደብቃ የተቀመጠች የወረቀት አውሮፕላን ብቅ አለች፤ ላይዋ ላይ ቀይ ቁጥር ተሸክማለች። ማታ እዚያ ወንበር ላይ የተጫወተ ደንበኛ ቴሌግራሙን ኤክስ ብሎ ሄዷል። ኤክስ ስትለው መስኮቱ ይዘጋል እንጂ ፕሮግራሙ አይሞትም፤ እዚያች ቀስት ሥር ገብቶ ይቀመጣል። ኮምፒውተሩ ሲበራም አብሮ ይነሳል። ሰውየው ደግሞ ጎረቤት መልእክቱን እንዳያነብበት ብሎ ነው መሰል፣ ስክሪን ላይ ብቅ የሚለውን አጥፍቶ ድምፁን ትቶታል። ሲስተም ሳውንድስን መዝጋቴ ያልጠቀመው ለዚህ ነው። ያ የዊንዶውስን ድምፅ ብቻ ነው የሚዘጋው። ቴሌግራም በራሱ አፍ ነው የሚናገረው።

መስኮቱን አልከፈትኩትም፣ የሰው ጉዳይ ነው። በቀኝ ክሊክ አድርጌ «ኩዊት» አልኩት። ታስክ ማናጀር ውስጥ ስታርታፕ ላይ ገብቼ ኮምፒውተሩ ሲበራ እንዳይነሳ አደረግኩ። ሁለት ደቂቃ አልፈጀም።

ሦስተኛውን ጨዋታ እነሱ አሸነፉ። ልጁ ሲወጣ ትከሻዬን መታ አድርጎኝ አለፈ። እርቅ ይሁን ማስጠንቀቂያ እስካሁን አልለየሁትም።

ሰኞ ባለቴሌግራሙ መጣ። ሰባት ቁጥር ላይ አስቀምጬው «በል ሎግ አውት አድርግ» አልኩት። ደነገጠ። ከስልኩም ሊያወጣው ይችል እንደነበር፣ ሴቲንግ ውስጥ ዲቫይስስ የሚለው ጋ እንደሚገኝ አሳየሁት።

«አንብበኸዋል እንዴ?»

«አላነበብኩም። ግን ቅዳሜ ብዙ ሰው ፈልጎህ ነበር።»

ከፍቶ ወደ ላይ ሳበው፣ ሳበው። ፊቱ ተለዋወጠ።

«የእህቴ የሠርግ ኮሚቴ ነው» አለ። «ጢን ጢን ሲሉብኝ እኮ ነው የስልኬን ድምፅ ያጠፋሁት።»