ወደ ራልፍ ስታንሊ አገር

በጥቅምት ወር ከአሌክሳንድሪያ ተነሥቼ፣ የሸናንዶዋን ሸለቆ ተከትሎ የሚወርደውን 81 ቁጥር አውራ ጎዳና ይዤ ወደ ደቡብ ምዕራብ ቨርጂኒያ የተጓዝሁት የብሉግራስ (በባለ አውታር መሣሪያዎች የሚጫወቱት የአሜሪካ የገጠር ሙዚቃ) ሙዚቀኛውን የራልፍ ስታንሊን አገር ለማየት ነበር። ከአቢንግደን በኋላ መንገዱ እየጠበበ፣ የድንጋይ ከሰል በሚወጣባቸው ተራሮች መካከል እየተጠማዘዘ፣ የዲከንሰን አውራጃ ዋና ከተማ ወደ ሆነችው ወደ ክሊንትዉድ ያደርሳል። በስሙ የተሰየመው ሙዚየም በዚህች ትንሽ ከተማ የተከፈተው እ.ኤ.አ. በ2004 ነው።

ራልፍ እ.ኤ.አ. በ1927 በዚሁ አውራጃ ተወለደ። ባንጆ የሚባለውን፣ ክብ ገላ ያለውን ባለ አውታር መሣሪያ ያስተማረችው እናቱ ሉሲ ነበረች። እርሱ ራሱ ይተርከው እንደነበረው፣ እናቱ አሳማ ወይም ባንጆ እንዲመርጥ ጠየቀችው፤ የእያንዳንዳቸው ዋጋ 5 ዶላር በመሆኑ ሁለቱንም ለመግዛት አቅም አልነበራትም፤ እርሱም ባንጆውን መረጠ። ይህ መሣሪያ ሥሩ በባርነት ወደ አሜሪካ ከተወሰዱት አፍሪካውያን ዘንድ መሆኑን እዚህ ላይ ሳላነሣ ማለፍ አልፈልግም።

እኔን ይህን ያህል መንገድ ያስኬደኝ ግን ከባንጆው ይልቅ ድምፁ ነው። ቤተሰቡ ይሰበሰብበት በነበረው የፕሪሚቲቭ ባፕቲስት ጉባኤ የሙዚቃ መሣሪያ አይገባም፤ መሪው ስንኙን ያወጣል፣ ምእመናኑም በረጅሙ እየሳቡ ይቀበሉታል። በመሪና በተቀባይ ዝማሬ ላደግን ለእኛ ይህ አዘማመር ባዕድ አይሆንብንም።

እ.ኤ.አ. በ1946 ከውትድርና እንደተመለሰ ከታላቅ ወንድሙ ከካርተር ጋር ባንድ አቋቁሞ በብሪስቶል ከተማ ሬዲዮ መጫወት ጀመረ። ጊታር ይዞ የሚመራውም፣ በመድረክ ላይ ከታዳሚው ጋር የሚጨዋወተውም ካርተር ነበር፤ ዓይን አፋሩ ራልፍ ባንጆውን እየመታ ከላይ በቀጭን ድምፅ ያጅበዋል። ካርተር እ.ኤ.አ. በ1966 በ41 ዓመቱ ሲሞት ራልፍ ሥራውን ለመተው አስቦ ነበር። ቀጠለ፤ ሲቀጥልም ገበያው ወደሚፈልገው አዲስ ድምፅ አልሄደም፤ በልጅነቱ ወደ ሰማው ወደዚያ የጉባኤ ዝማሬ ይበልጥ ቀረበ እንጂ። በእኔ እምነት የሕይወቱ ትልቁ ውሳኔ ይህ ነው። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ መንፈሳዊ መዝሙሮችን ያለ ምንም መሣሪያ በድምፅ ብቻ ማስቀረጽ ጀመረ።

ዓለም በሰፊው ያወቀው ግን ከሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ2000 ለወጣ አንድ ፊልም ሞትን «ለአንድ ዓመት እለፈኝ» ብሎ የሚማጸን ጥንታዊ መዝሙር ያለ አጃቢ ዘመረ፤ በዚሁ መዝሙር 75 ዓመት በሞላው ሰሞን፣ በየካቲት 2002፣ የግራሚ ሽልማት አገኘ። እ.ኤ.አ. በ2016 በ89 ዓመቱ አርፎ፣ በስሚዝ ሪጅ ከወንድሙ ጋር ተቀብሯል።

ሥራውን ገና ለማያውቅ አንባቢ፣ ከፈጣኖቹ የባንጆ ዜማዎች በፊት በ1970ዎቹ በአራት ድምፅ የተቀረጹትን መዝሙሮች እንዲያደምጥ እመክራለሁ፤ ባንጆው እንዴት እንደሚዘምር የሚገባው ከእነርሱ በኋላ ነው።