የታባካሌራን ታሪክ ከቅጠሉ ጀምሬ ያጠናሁበት መንገድ

ባርሴሎና ውስጥ ላ ራምብላ ጎዳና ላይ «ሆቴል 1898» የሚባል ሆቴል አለ። ሕንፃው ድሮ የታባካሌራ ዋና መሥሪያ ቤት ነበር። ታባካሌራ ስፔን ፊሊፒንስን በምትገዛበት ዘመን ከዚያ ትንባሆ እያወጣ ሲጋር የሚያመርት ትልቅ ኩባንያ ነበር። 1898 ደግሞ ስፔን ፊሊፒንስን ያጣችበት ዓመት ነው (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። እዚያው አጠገብ ባለው ራቫል ሰፈር ዛሬ ብዙ ፊሊፒኖዎች ይኖራሉ። የኩባንያውን ታሪክ ለማጥናት የተነሳሁት ይህን ሁሉ በየቀኑ እያየሁ ዝም ማለት ስላልቻልኩ ነው።

ስለ መሥራቹ ሀብታም የተጻፈው ብዙ ነው። እኔ ግን ከቅጠሉ ለመጀመር ወሰንኩ። ቅጠሉን ማን ተከለው? በማን ግዴታ? ይህ ጥያቄ ኩባንያው ከመቋቋሙ በፊት ወደነበረው መቶ ዓመት ወሰደኝ።

ትንባሆው ይመጣ የነበረው ከሉዞን ደሴት ሰሜን፣ ከካጋያን ሸለቆ ነው። በ1782 በገዢው ሆሴ ባስኮ ዘመን ትንባሆ የመንግሥት ሞኖፖል ሆነ። የሸለቆው ገበሬ የተመደበለትን ያህል መትከል ነበረበት። ምርቱንም ለመንግሥት ብቻ፣ መንግሥት በቆረጠው ዋጋ ያስረክባል። ለራሱ ማጨሻ ብሎ ቅጠል ቢያስቀር ይቀጣል። ዘበኞች ቤቱ ገብተው ይፈትሻሉ። ግምጃ ቤቱ ሲራቆት ደግሞ በገንዘብ ፋንታ የዱቤ ወረቀት ይይዛል። የገባርን ነገር ከአያቶቹ የሰማ የእኛ ሰው ይህን ሲያነብ ብዙ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ማኒላ ደርሶ ቅጠሉን ሲጋር የሚያደርጉት በሺዎች የሚቆጠሩ ሴቶች ነበሩ። ስለ እነሱ ባነበብኩ ቁጥር የባለ አክሲዮኖቹ ስም እየራቀኝ ሄደ።

ከሁሉ በላይ የጠቀመኝ ዘዴ ቀላል ነው። የመንግሥትን ውሳኔዎችና የኩባንያውን እርምጃዎች በአንድ ወረቀት ላይ ጎን ለጎን ጻፍኩ። ሞኖፖሉ እንዲቀር የተወሰነው በ1881 ነው። ታባካሌራ የተቋቋመው በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ ነው። ሁለቱን ለየብቻ ብታነቡ ምንም አይታያችሁም። አጠገብ ለአጠገብ ሲሆኑ ግን ነጋዴዎቹ መንግሥት የሚለቀውን ቦታ ለመያዝ ምን ያህል እንደፈጠኑ ይታያል። ብዙም ሳይቆይ ኩባንያው በኢሳቤላ ግዛት ሳን አንቶኒዮና ሳንታ ኢሳቤል የተባሉ ሰፋፊ እርሻዎች ያዘ።

የኩባንያው ሰነድ ዛሬ ከባርሴሎና ብዙም በማይርቀው ሳንት ኩጋት፣ በካታሎኒያ ብሔራዊ ቤተ መዛግብት ይገኛል። እንዲህ ያለ ቦታ ለምትሄዱ ምክሬ አጭር ነው፤ ሣጥን ከማዘዛችሁ በፊት ዝርዝር ማውጫውን በደንብ አንብቡ። የሂሳብ መዝገብ ትርፉን ይነግራችኋል። ገበሬውን የሚያውቀው ግን እንደ ወጪ ብቻ ነው። ስለዚህ የፊሊፒንስ ታሪክ ጸሐፊዎችን ሥራ አብሮ ማንበብ ግድ ነው።

«የኮሚያስ ማርኪስ» የሚል የመኳንንት ማዕረግ ስለነበረው ስለ መሥራቹ ስለ አንቶኒዮ ሎፔዝ ስጽፍ በጣም ተጠንቅቄያለሁ። ከሞተ በኋላ የሚስቱ ወንድም ፍራንሲስኮ ብሩ፣ ሎፔዝ ኩባ ውስጥ በባሪያ ንግድ እንደከበረ ጽፎ አወጣ። የቤተሰብ ጠብ ያለበት ምስክርነት ብቻውን አይበቃም። የታሪክ ባለሙያዎች የሳንቲያጎ ደ ኩባን የውል ሰነዶች መርምረው በባሪያ ሽያጭና ግዥ ውስጥ እንደነበረበት ካሳዩ በኋላ ግን የምጠራጠርበት ምክንያት አልነበረኝም። ባርሴሎናም ሐውልቱን በ2018 አንስታለች።

ታሪኩን 1898 ላይ መዝጋት ይቻል ነበር። ኩባንያው ግን አሜሪካኖች በስፔን ፋንታ ፊሊፒንስን ከያዙም በኋላ ሥራውን ቀጥሏል፣ ስኳርም ጨምሯል። በታርላክ ግዛት ያለው የሸንኮራ አገዳ እርሻው «ሉዊሲታ» የተባለው በሎፔዝ ሚስት በሉዊሳ ስም ነው። በ1950ዎቹ መጨረሻ ለኮሁዋንኮ ቤተሰብ ተሸጠ። በኋላ ፕሬዚዳንት የሆኑት ኮራዞን አኪኖ የዚህ ቤተሰብ ልጅ ናቸው። በ2004 እዚያ አድማ ላይ በነበሩ ሠራተኞችና ደጋፊዎቻቸው ላይ ተተኩሶ ቢያንስ ሰባት ሰዎች ሞቱ። መሬቱ ለገበሬዎቹ እንዲከፋፈል የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት የሰጠው ውሳኔ የጸናው በ2012 ነው።