የእማዬ ነጠላ

ሰኔ 14 ቀን 2013 ጠዋት አራት ኪሎ የመራጮቹን ሰልፍ ሳይ ሆዴ ባባ። እማዬ ቤት ቀርታ ነበር። በመራጮች ምዝገባ ሰሞን መታወቂያዋ ጠፍቶባት ምትክ ለማውጣት ሦስት ቀን ተመላለሰች፤ «ነገ ይምጡ» ሲሏት ጉልበቷ እምቢ አላት፤ ሳትመዘገብም ቀረች። ፒያሳ አርባ ዓመት ኖራለች፤ ዕድሩ በሙሉ ያውቃታል። (ያ ሰፈር ዛሬ በአብዛኛው ፈርሷል።) ሕጉ 18 ዓመት መሙላትንና በምርጫ ክልሉ 6 ወር መኖርን ይጠይቃል፤ ሁለቱንም ታሟላለች።

አንድ ሰው ሁለቴ እንዳይመርጥ መታወቂያ መታየቱን አልቃወምም። ግን ወረቀቱን የሚሰጠው ራሱ መንግሥት ነው፤ ሲዘገይ መብቱ የሚቀረው የእሷ ነው። በመላው እንግሊዝ ባለፎቶ መታወቂያ መጀመሪያ በተጠየቀበት የሚያዝያ 2015 የአካባቢ ምርጫ 14 ሺህ ያህል ሰዎች በዚሁ ምክንያት ሳይመርጡ ቀርተዋል። ቁጥሩን ሳነብ የታየኝ የእማዬ ነጠላ ነው፤ ሦስት ቀን ለብሳው ወጥታ መልሳ ያጠፈችው።